ነገርን ከሥሩ፥ ውሃን ከጥሩ
ፕሮግራምን ከታመነ ምንጭ ስለ ማውረድ፥ በከሚሴና በአካባቢው ላሉ የገጠር ትምህርት ቤቶች መምህራንና ለአገር ሽማግሎች የተዘጋጀ ትምህርት

መግቢያ



«ነገርን ከሥሩ፥ ውሃን ከጥሩ» ብለው አባቶች የተናገሩት ቃል ሲሰሙት አጭር ነው፤ ሲመረምሩት ግን ሰፊ ትምህርት አለበት። የከሚሴና የጨፋ ሰው የዚህን ቃል እውነት በዓይኑ ያየዋል። የቦርከና ወንዝ በደሴ አካባቢ ካለው ደጋ ሲነሣ ጥሩ ውሃ ነው፤ ነገር ግን ደሴንና ኮምቦልቻን አልፎ ወደ ጨፋ ሜዳ እስኪወርድ ድረስ የከተማው ጥራጊና የፋብሪካው ፍሳሽ ይቀላቀልበታል። ውሃው ከላይም ሆነ ከታች ስሙ ቦርከና ነው፤ መልኩም አንዳንድ ጊዜ አንድ ይመስላል። ስለዚህ አስተዋይ እናት ለልጅዋ ውሃ ስትቀዳ የወንዙን ስም ሳይሆን ውሃው የመጣበትን መንገድ ትጠይቃለች።

ዛሬ በየቤታችን በገባው ተንቀሳቃሽ ስልክና በትምህርት ቤት በሚገኘው ኮምፒዩተር ላይ የሚጫነው ፕሮግራምም እንደዚሁ ነው። አንድ ፕሮግራም ከሠሪው እጅ ሲወጣ ንጹሕ ሊሆን ይችላል፤ ሠሪው ባልሆነና ማንነቱ ባልታወቀ ሰው ድረ ገጽ ወይም የቴሌግራም ቻናል በኩል አልፎ ሲመጣ ግን በመንገድ ምን እንደ ተጨመረበት ለማወቅ ያስቸግራል። ስሙ ያው ነው፤ ምልክቱም ያው ነው፤ ውስጡ ግን ሌላ ሊሆን ይችላል።

የዚህ ጽሑፍ አሳብ ሰውን ከስልክና ከኮምፒዩተር ለማራቅ አይደለም፤ በእነርሱ የሚገኘው ጥቅም ብዙ ነውና። አሳቡ አንዲት ጥያቄን በልጆችና በወላጆች አፍ ለማስለመድ ነው፤ ይኸውም «ይህ ከማን እጅ መጣ?» የምትለው ናት።

1ኛ፤ ፕሮግራም ምንድር ነው? የሚያሰጋውስ ስለ ምንድር ነው?

ፕሮግራም ማለት ለስልኩ ወይም ለኮምፒዩተሩ «ይህን አድርግ፥ ያን ተው» እያለ ሥራውን የሚያዝዘው የትእዛዝ ጽሑፍ ነው። አንዳንዶች ሶፍትዌር፥ በስልክ ላይ ያለውንም አፕሊኬሽን ወይም በአጭሩ አፕ ይሉታል። ሥዕል ይታያል፤ ዜማ ይሰማል፤ ፕሮግራም ግን ይሠራል። የሚሠራውም በባለቤቱ ስም ነው። ስለዚህ ፕሮግራምን ወደ ስልክ ማስገባት ሥዕልን በግድግዳ ላይ እንደ መስቀል አይቈጠርም፤ ሠራተኛ ቀጥሮ የቤትን ቍልፍ እንደ መስጠት ነው እንጂ። ሠራተኛው ታማኝ ቢሆን ቤቱን ያለማል፤ ሌባ ቢሆን ግን በር መስበር አያስፈልገውም፤ ቍልፉን ራሳችን ሰጥተነዋልና።

ቀድሞ በስልክ የሚጠፋው ነገር ጥቂት ነበር። አሁን ግን እንደዚያ አይደለም። ኢትዮ ቴሌኮም ግንቦት 3 ቀን 2013 ዓ.ም. ቴሌብርን ከጀመረ ወዲህ፥ ባንኮችም ሥራቸውን በስልክ ማከናወን ካስለመዱ ወዲህ፥ ስልክ የወሬ መነጋገሪያ ብቻ መሆኑ ቀርቶ የገንዘብ ከረጢት ሆኗል። በባቲ የሰኞ ገበያ ግመሉን የሸጠ፥ በሰንበቴ የእሑድ ገበያ እህሉን የሸጠ ሰው ዋጋውን በስልኩ ተቀብሎ ወደ ቤቱ ለመመለስ ይችላል። የአንድ ቤተ ሰብ የዓመት ድካም በእጅ መዳፍ በምትያዝ ዕቃ ውስጥ ያድራል ማለት ነው። ይችኑ ስልክ ማታ ልጁ ተቀብሎ ጨዋታ ሊጭንባት ይፈልጋል። ነገሩ የሚጀምረው ከዚህ ነው።

ክፉ ፕሮግራም ገንዘቡን የሚወስድበት መንገድ ስውር ቢሆንም ለመረዳት አያስቸግርም። ባንክ ገንዘብ ከመክፈሉ በፊት «በእርግጥ አንተ ነህን?» ብሎ ለማረጋገጥ አንድ ጊዜ ብቻ የሚያገለግል ቍጥር በአጭር መልእክት የሚልክበት ጊዜ አለ። ክፉው ፕሮግራም አጭር መልእክት የማንበብ ፈቃድ ካገኘ ያን ቍጥር ባለቤቱ ልብ ሳይል ለሌባው ያስተላልፋል። ደግሞ ዓይናቸው ወይም እጃቸው ለደከመ ሰዎች ርዳታ ተብሎ የተሠራ «ተደራሽነት» የሚባል ፈቃድ አለ፤ ይህን ያገኘ ፕሮግራም በስልኩ ገጽ ላይ ያለውን ለማንበብና በባለቤቱ ምትክ ለመንካት ይችላል። ሌላው ደግሞ የባንኩን ገጽ የሚመስል የሐሰት ገጽ በእውነተኛው ላይ ደርቦ፥ ባለቤቱ የምሥጢር ቍጥሩን በገዛ እጁ እንዲጽፍለት ያደርጋል።

በትምህርት ቤትም ያለው ጕዳት ቀላል አይደለም። በኮምፒዩተሩ ውስጥ የልጆች ስም፥ የወላጆች የስልክ ቍጥር፥ የፈተና ውጤት ይገኛል። አንዳንዱ ክፉ ፕሮግራም ይህን ሁሉ ይሰርቃል፤ አንዳንዱም መዝገቡን ቈልፎ «ገንዘብ ካልከፈላችሁ አልከፍትም» ይላል። የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 የሰውን የግል መረጃ የያዘ ሁሉ በጥንቃቄ እንዲጠብቀው ያዝዛል። እንግዲህ መምህር የልጆችን መዝገብ መጠበቁ የበጎ ፈቃድ ነገር ብቻ ሳይሆን ግዴታም ነው።

2ኛ፤ ሰው ዋናውን ምንጭ ትቶ ወደ ሌላ የሚሄደው ስለ ምንድር ነው?

ከማይታወቅ ስፍራ ፕሮግራም የሚያወርደውን ሰው ሁሉ ሰነፍ ነው ብሎ መስደብ አይገባም። ምክንያቱን ሳያውቁ መገሠጽ ፍሬ የለውምና፥ ምክንያቶቹን በየተራ እንመልከት።

መጀመሪያው የኔትወርክ ድካምና የዋጋው ውድነት ነው። ትልቅ ፕሮግራም ለማውረድ ብዙ ጊዜና ብዙ የኢንተርኔት ጥቅል ያስፈልጋል። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት በቈየ ጊዜ ከዋናው ምንጭ ማውረድ ለብዙ ሰው የማይቻል ሆኖ ነበር። እንዲህ ባለ ጊዜ ሰው ከጐረቤቱ ስልክ ወይም ከሱቅ ሜሞሪ ካርድ ቢቀበል አያስደንቅም።

ነገር ግን ችግሩ እውነተኛ መሆኑ አደጋውን አያስቀረውም። ለዚህ ከቻይና አንድ ምሳሌ እናገኛለን። በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ፥ ማለት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በመስከረም 2015፥ በቻይና የአይፎን ፕሮግራም የሚሠሩ ባለሙያዎች ኤክስኮድ የተባለውን መሥሪያ ከሠሪው ከአፕል ድረ ገጽ ለማውረድ መንገዱ ቀርፋፋ ሆነባቸው። ስለዚህ ብዙዎቹ በአገራቸው ውስጥ በሌሎች ስፍራዎች የተቀመጠውንና ቶሎ የሚወርደውን ግልባጭ ወሰዱ። ያ ግልባጭ ግን ክፉ ትእዛዝ ተጨምሮበት ነበር፤ በእርሱም የተሠራው ፕሮግራም ሁሉ ሠሪው ሳያውቅ ያን ክፉ ትእዛዝ ይዞ ወጣ። በብዙ ሚሊዮን ሕዝብ ዘንድ የሚሠራበት ዊቻት ሳይቀር ከተበከሉት አንዱ ሆኖ ተገኘ። አፕልም የተበከሉትን ፕሮግራሞች ከመደብሩ አወጣ። እነዚህ ሰዎች ማይማን አልነበሩም፤ በሙያቸው የተማሩ ነበሩ። የሳቱት ጥቂት ሰዓት ለማትረፍ ብለው ነው። «የቸኰለች አፍሳ ለቀመች» የሚባለው እንዲህ ያለው ነው።

ሁለተኛው ምክንያት በዋጋ የሚሸጠውን በነጻ ለማግኘት መፈለግ ነው። ብዙ ቢሮና ብዙ ትምህርት ቤት በዋጋ የሚሸጡትን የጽሕፈት ፕሮግራሞች «ክራክ» በሚባል መንገድ፥ ማለት ቍልፋቸው ተሰብሮ፥ ይጭናል። ቍልፍ ሰባሪው ይህን ሁሉ የሚደክመው ስለ ጽድቅ ነው ብሎ ማመን ያስቸግራል። ብዙ ጊዜ ከተሰበረው ቍልፍ ጋራ ሌላ ነገር ያስገባል። ደግሞም አያስፈልግም፤ ለጽሕፈትና ለሒሳብ ሊብሬኦፊስ፥ ቪዲዮ ለማየት ቪኤልሲ የተባሉት ፕሮግራሞች ከሠሪዎቻቸው ድረ ገጽ በነጻና በሕጋዊ መንገድ ይገኛሉና።

ሦስተኛው ምክንያት ከዋናው የሚበልጥ ነገር አለ የሚለው ወሬ ነው። ዋትሳፕን ቀለሙን ለውጠው፥ የተሰረዘ መልእክት ያሳያል ብለው፥ ሌላ ስም ጨምረውለት የሚያድሉ ሰዎች አሉ። እነዚህ ዋትሳፕን የሠራው ኩባንያ የማያውቃቸው ናቸው፤ በእነርሱ የሚጠቀመውንም ሰው መዝገብ ኩባንያው ይዘጋል። በነሐሴ 2013 ዓ.ም. ካስፐርስኪ የተባለው የኮምፒዩተር ጥበቃ ኩባንያ ከእነዚህ አንዱ በሆነው በኤፍኤም ዋትሳፕ ውስጥ ትሪያዳ የተባለ ክፉ ፕሮግራም ተሸሽጎ እንዳገኘ አስታውቋል። ጌጥ ብለው የተቀበሉት ወጥመድ ሆኖ ተገኘ ማለት ነው።

3ኛ፤ በኢትዮጵያውያን ላይ የደረሰ ምሳሌ

ይህ ነገር የሩቅ አገር ወሬ ብቻ እንዳይመስል፥ በራሳችን ሰዎች ላይ የደረሰውን እንንገር።

በካናዳ በቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው ሲቲዝን ላብ የተባለው የምርምር ተቋም ኅዳር 27 ቀን 2010 ዓ.ም. አንድ ጽሑፍ አወጣ። ጽሑፉ እንደሚለው፥ በውጭ አገር ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን፥ ከእነርሱም መካከል ለኦሮሚያ ሚዲያ ኔትወርክ፥ ለአንድ የዶክትሬት ተማሪና ለአንድ የሕግ ባለሙያ የማታለያ ኢሜይል ይላክላቸው ነበር። ኢሜይሉ ስለ አገራቸው ወሬ የሚናገር ቪዲዮ እንዲያዩ ይጋብዛል። የተሰጣቸውን አድራሻ ሲከፍቱ የሚያገኙት ገጽ ኢስትአፍሮ የተባለውን የታወቀ የኤርትራ ቪዲዮ ድረ ገጽ የሚመስል ነበር። የእውነተኛው አድራሻ መጨረሻ «ዶት ኮም» ሲሆን፥ የሐሰተኛው ግን «ዶት ኔት» ነበር። ገጹም «ቪዲዮውን ለማየት ፍላሽ ፕሌየርህን ማደስ አለብህ፤ ይህን አውርድ» ይላል። ፍላሽ ፕሌየር አዶቤ የተባለው ኩባንያ የሠራው፥ በዚያ ዘመን በብዙ ኮምፒዩተር የሚገኝ የቪዲዮ ማሳያ ነበር። ያን ያወረደ ሰው ግን ከማሳያው ጋራ ሳይበርቢት የተባለው የእስራኤል ኩባንያ የሠራውን የስለላ ፕሮግራም ወደ ኮምፒዩተሩ ያስገባ ነበር። መርማሪዎቹ የተበከሉት ኮምፒዩተሮች በ20 አገሮች እንደ ታዩ፥ ስለላውን የሚያዙትም ሰዎች ከኢትዮጵያ ይገናኙ እንደ ነበረ ጽፈዋል።

በዚህ ትምህርት ይህን ያነሣነው በጊዜው ስለ ነበረው የፖለቲካ ክርክር ለመፍረድ አይደለም፤ የወጥመዱን አሠራር ለማስተማር ነው። ወጥመዱ በሦስት ነገር የቆመ ነበር። አንደኛ፥ ተቀባዩ ሳይፈልገው በመልእክት መጣ። ሁለተኛ፥ የሰውየውን ልብ የሚነካ ነገር ይዞ መጣ፤ የአገሩን ወሬ የማይናፍቅ ስደተኛ ማን አለ? ሦስተኛና ዋናው፥ የአዶቤን ዕቃ አዶቤ ያልሆነ ሰው አደለው። ሌላው ሁሉ ቢያሳስት እንኳ ይህ ሦስተኛው ብቻ ነገሩን ለመለየት ይበቃ ነበር። ፍላሽ ፕሌየር ያረጀበት ሰው ማደሻውን ከአዶቤ ዘንድ ሄዶ ይፈልጋል እንጂ ቪዲዮ ከሚያሳይ ቤት አይቀበልምና።

ለዛሬው ሰው ደግሞ ይህን መጨመር ያስፈልጋል። አዶቤ ለፍላሽ ፕሌየር የሚሰጠውን ድጋፍ ታኅሣሥ 22 ቀን 2013 ዓ.ም. ጨርሶ አቁሟል። ስለዚህ ዛሬ «ፍላሽ ፕሌየርህን አድስ» የሚል ገጽ ሁሉ ሐሰተኛ ነው፤ ምርመራ እንኳ አያስፈልገውም።

4ኛ፤ እንደ ጠገራ ብር መመርመር

ሽማግሎች ከአባቶቻቸው እንደ ሰሙት፥ በቀድሞ ዘመን በገበያችን ይሠራበት የነበረው የማርያ ቴሬዛ ጠገራ ብር ነበር። በብሩ ላይ የተጻፈው ዓመት እንደ አውሮፓ አቈጣጠር 1780 ነው፤ ብሩ ከዚያ በኋላ በየትኛውም ዘመንና አገር ቢመታ ይኸው ዓመት ይጻፍበት ነበር። እንግዲህ ዓመቱ ምስክር ሊሆን አልቻለም። ስለዚህ ጠንቃቃ ነጋዴ በንግሥቲቱ የራስና የትከሻ ጌጥ ላይ ያሉትን የዕንቍ ነጥቦች ቈጥሮ፥ ነጥቡ የጐደለውን ወይም የጠፋውን ይመልስ ነበር። ብሩ ብር ስለ መሰለ ብቻ አልተቀበለውም። የፕሮግራምም ምርመራ እንዲሁ ነው። የሚቈጠሩት ነጥቦች እነዚህ ናቸው።

ሀ) ሄዶ መፈለግ እንጂ ሲጠሩ አለመሄድ። ለአንድሮይድ ስልክ ፕሌይ ስቶር፥ ለአይፎን አፕ ስቶር የተባለው መደብር አለ። ለኮምፒዩተር የሠሪው የራሱ ድረ ገጽ ወይም የማይክሮሶፍት መደብር አለ። የባንክ ፕሮግራም የፈለገ ሰው ወደ ባንኩ ቅርንጫፍ ሄዶ ትክክለኛው የቱ እንደ ሆነ ይጠይቅ። በቴሌግራም ወይም በአጭር መልእክት «ሽልማት ደርሶሃል፥ ይህን ጫን» የሚለውን ግን አይከተል።

ለ) አድራሻውን ከመጨረሻው ማንበብ። የድረ ገጽ ባለቤት የሚታወቀው በአድራሻው መጀመሪያ አይደለም፤ ከዶት ኮም ወይም ከሌላው መጨረሻ ፊት ተጠግቶ ባለው ስም ነው። «ቴሌብር ዶት ስጦታ ዶት ኮም» የሚል አድራሻ ቢመጣ ቤቱ የስጦታ እንጂ የቴሌብር አይደለም፤ ለልጅ የፈለጉትን ስም ማውጣት ይቻላል፥ አባትነት ግን በስም ማውጣት አይገኝምና። መጨረሻውም ሊመረመር ይገባል፤ ከላይ እንዳየነው በዶት ኮምና በዶት ኔት መካከል ያለው ልዩነት የእውነትና የሐሰት ልዩነት ነበር። የኢትዮጵያ መንግሥት መሥሪያ ቤቶች አድራሻ በብዛት በ«ዶት ጎቭ ዶት ኢቲ» ይጨርሳል።

ሐ) በፍለጋ ላይ መጀመሪያ የመጣውን ሁሉ አለማመን። በጉግል ፍለጋ ከላይ የሚታየው አንዳንድ ጊዜ ገንዘብ ተከፍሎበት የተቀመጠ ማስታወቂያ ነው። ደግሞ በአንድ ገጽ ላይ «አውርድ» የሚል ብዙ ቍልፍ ተደርድሮ ቢታይ፥ አብዛኛው ወደ ሌላ ነገር የሚወስድ ማታለያ ነውና ያን ገጽ መተው ይሻላል።

መ) የሠሪውን ስም ማየት። በመደብሩ ውስጥም ቢሆን ከፕሮግራሙ ስም በታች የሠሪው ስም ይጻፋል። ስንት ሰው እንዳወረደው፥ ሰዎችም ምን እንደ ጻፉበት ይታያል። መደብሩ ጠባቂ ቢኖረውም አንዳንድ ጊዜ ክፉ ፕሮግራም ሾልኮ ይገባልና፥ ይህን ማየት አይቅር።

ሠ) የሚጠይቀውን ፈቃድ ማመዛዘን። ባትሪ የሚያበራ ፕሮግራም አጭር መልእክትህን ላንብብ ቢል ምን ሊያደርግለት ነው? ውሃ ለምኖ የጐተራ ቍልፍ የሚጠይቅ እንግዳ አሳቡ ከውሃው ላይ አይደለም።

ረ) ማኅተሙን መጠበቅ። በአንድሮይድ ስልክ ላይ ፕሮግራም ሁሉ የሠሪው ረቂቅ ማኅተም አለበት። ነባሩን ፕሮግራም የሚያድስ አዲስ ፋይል ያንኑ ማኅተም ካልያዘ ስልኩ አልቀበልም ይላል። ስለዚህ «አዲሱን ለመጫን መጀመሪያ ነባሩን አጥፋው» የሚል ምክር ከማይታወቅ ሰው ቢመጣ፥ ማኅተሙ የሌላ ሊሆን ስለሚችል መጠርጠር ይገባል።

ሰ) ጠባቂውን አለማሰር። ከፕሌይ ስቶር ውጭ የመጣ ኤፒኬ የሚባል ፋይል ሲከፈት ስልኩ «ይህ ምንጩ አይታወቅም» ብሎ ያስጠነቅቃል፤ ኮምፒዩተሩም ጸረ ቫይረሱ ይጮኻል። «ይህን ፕሮግራም ለመጫን ጸረ ቫይረስህን አጥፋ» የሚል ጽሑፍ «ሌሊት ስመጣ ውሻህን እሰርልኝ» ከሚል ሰው አይለይም።

ይሁን እንጂ እውነቱን ለመናገር፥ ከዋናው ምንጭ መቅዳትም ፍጹም ዋስትና አይሆንም። በ2010 ዓ.ም. መጀመሪያ ሲክሊነር የተባለው የኮምፒዩተር ማጽጃ ከሠሪው ከራሱ ድረ ገጽ ላይ ተበክሎ ተገኘ፤ ከ2 ሚሊዮን የሚበልጥ ሰውም አውርዶት ነበር። ምንጩ ራሱ የተመረዘበት ጊዜ አለ ማለት ነው። ነገር ግን በዚያ ጊዜ ሠሪው ይታወቃል፤ ይጠየቃል፤ ነገሩን አስታውቆ ንጹሑን ያወጣል። ከማይታወቅ ሰው የወሰደ ግን የሚከሰውም የሚያርመውም አያገኝም። ስለዚህ ከዋናው ምንጭ የመጣውን ፕሮግራም ሠሪው ባሳደሰ ቍጥር ማደስ ያስፈልጋል።

5ኛ፤ ኔትወርክ በሌለበት ቀበሌ ምን ይደረግ?

«ሁሉ ሰው ከፕሌይ ስቶር ያውርድ» ብሎ ማዘዝ ቀላል ነው፤ ኔትወርክ ለማይደርስበት ቀበሌ ግን ምክር አይሆንም። ከእጅ ወደ እጅ መቀበል የማይቀር ከሆነ፥ እጁ የታወቀ ይሁን።

በትምህርት ቤቱ አንድ ጠንቃቃ መምህር ይመረጥ። እርሱ ወደ ከሚሴ ወይም ኔትወርክ ወዳለበት ስፍራ ሲሄድ ለትምህርት ቤቱ ኮምፒዩተር የሚያስፈልጉትን ጥቂት ፕሮግራሞች ከየሠሪዎቻቸው ድረ ገጽ ያውርድ፤ ለዚህ ሥራ ብቻ በተለየ ፍላሽ ዲስክ ያስቀምጥ። በአንድ ደብተርም የፕሮግራሙን ስም፥ የወረደበትን ቀንና አድራሻ ይጻፍ። አንዳንድ ሠሪዎች በድረ ገጻቸው ላይ የፋይሉን «አሻራ» ያትማሉ፤ ከእነርሱ አንዱ ዓይነት 64 ፊደልና ቍጥር ያለው ሰንሰለት ነው። በፋይሉ ውስጥ አንዲት ነጥብ ብትለወጥ አሻራው ሌላ ይሆናል። የወረደው ፋይል አሻራና ሠሪው ያተመው አሻራ አንድ ሆኖ ቢገኝ፥ ፋይሉ በመንገድ እንዳልተነካ ያስረዳል።

በሞባይል ሱቅ ፕሮግራም የሚያስጭን ሰው ባለሱቁን «ከሜሞሪህ አትስጠኝ፤ ከፕሌይ ስቶር በፊቴ አውርድልኝ» ይበለው። ይህ ባለሱቁን ሌባ ማለት አይደለም፤ እርሱም የተበከለውን ሳያውቅ ከሌላ ተቀብሎት ሊሆን ይችላልና። የምሥጢር ቍጥርን ግን ለባለሱቅም፥ ለጓደኛም፥ ከባንክ ደወልሁ ለሚልም ሰው መንገር አይገባም።

ሽማግሎችም የየራሳችሁ ድርሻ አላችሁ። ልጆች ከአባቶቻቸው ይልቅ ስልክ መነካካት ያውቃሉ፤ ሰውን መመርመር ግን ከእናንተ የሚማሩት ነው። ገበያ ላይ ሻጩን «የማን ልጅ ነህ? ከብቱን ከየት አመጣኸው?» ብላችሁ ሳትጠይቁ በሬ እንደማትገዙ ንገሯቸው። ቤተ ሰቡም የገንዘብ ስልክና የልጅ መጫወቻ ስልክ ለመለየት የሚችል ከሆነ ይለይ፤ ባይችል ያለ አባት ወይም ያለ እናት ፈቃድ ምንም ነገር እንዳይጫን ይወሰን። ትምህርቱም ልጆች በሚረዱት ቋንቋ ይሰጥ። በአፋን ኦሮሞ ከምድር የሚፈልቀውን ምንጭ «ቡርቃ» እንላለን፤ ሕፃኑ ወደ ቡርቃው ሄዶ መቅዳትን ከቤቱ ያውቀዋልና፥ ከዚያ ተነሥቶ ማስተማር ይቀልላል።

6ኛ፤ ስሕተት ከደረሰ በኋላ

ክፉ ፕሮግራም እንደ ጫነ የጠረጠረ ሰው አይፈር፥ አይደብቅም፤ የሚጎዳው ስሕተቱ ብቻ ሳይሆን መዘግየቱም ነው። መጀመሪያ የስልኩን ኢንተርኔት ይዝጋ። ቀጥሎ በሌላ ሰው ስልክ ወደ ባንኩ ደውሎ መዝገቡን ያሳግድ፤ የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ቍጥር 951፥ የኢትዮ ቴሌኮም 994 ነው። ከዚያ የጠረጠረውን ፕሮግራም ያጥፋ፤ አልጠፋ ቢለው ወይም ጥርጣሬው ባይለቀው ፎቶግራፉንና የስልክ ቍጥሮቹን በሌላ ስፍራ አስቀምጦ ስልኩን ወደ ፋብሪካው መልኩ ይመልስ። በመጨረሻም የምሥጢር ቍጥሮቹን ሁሉ ንጹሕ በሆነ ስልክ ይለውጥ። የኮምፒዩተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ያለ ፈቃድ ወደ ሰው ኮምፒዩተር መግባትንና በኮምፒዩተር ማጭበርበርን በወንጀል ይቀጣልና፥ ገንዘቡ የተወሰደበት ሰው ለፖሊስ ለማመልከት መብት አለው።

ልጅ ያጠፋ እንደ ሆነ አባት በቍጣ አይጀምር። የተቈጣው ልጅ ሁለተኛ ጊዜ ሲሳሳት ይደብቃል፤ የተደበቀ ስሕተትም ሌሊቱን ሙሉ ሲሠራ ያድራል።

ማጠቃለያ

ከላይ የተጻፈው ሁሉ ወደ አንድ አሳብ ይመለሳል። መልክ ይገለበጣል፤ ስም ይሰረቃል፤ ከማን እጅ እንደ ወጣ ግን ጠይቆ ለማረጋገጥ ይቻላል። የጨፋ ሰው ውሃውን ቀምሶ ሳይሆን ምንጩን አይቶ ይጠጣል። ስልኩንም እንዲሁ ቢይዝ የድካሙ ዋጋ በእጁ ይቀራል።

ለተማሪዎች የሚቀርቡ ጥያቄዎች

1. ፕሮግራም ከሥዕልና ከዜማ በምን ይለያል?
2. በቻይና ያሉት ባለሙያዎች የተሳሳቱት በምን ምክንያት ነው? አንተ ብትሆን ምን ታደርግ ነበር?
3. በሐሰተኛው ኢስትአፍሮ ገጽ ላይ ማታለሉን ለመለየት የሚያስችሉ ምልክቶች የትኞቹ ነበሩ?
4. «ቴሌብር ዶት ስጦታ ዶት ኮም» የሚለው አድራሻ ባለቤቱ ማን ነው? እንዴት አወቅህ?
5. «ጸረ ቫይረስህን አጥፋ» የሚል ምክር የሚያስጠረጥረው ስለ ምንድር ነው?
6. ዛሬ ማታ ከቤተ ሰብህ ጋራ በስልካችሁ ላይ ያሉትን ፕሮግራሞች ቍጠሩ። እያንዳንዱ ከማን እጅ እንደ መጣ ጠይቃችሁ በደብተርህ ጽፈህ አምጣ።